የአንባቢያን ጥያቄ፦ አሜሪካ በዚያ ቀን ለምን ዝም አለች?

(እዚህ የጠቀስኳቸው ቀናትና ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ጥያቄ፦ መምህር፣ እንደምን ከረሙ? የ11ኛ ክፍል ተማሪ ነኝ። አሜሪካ ራሷ ከእንግሊዝ ጋር ተዋግታ ነፃ የወጣች አገር ናት። በ1960 የተባበሩት መንግሥታት ቅኝ ግዛት ያብቃ ብሎ ሲወስን ግን ድምፀ ተአቅቦ አድርጋለች የሚል ነገር አነበብኩ። እውነት ነው? ከሆነስ ለምን?

መልስ፦ እውነት ነው ልጄ። ቀኑ ዲሴምበር 14 ነበር። 43 የአፍሪካና የእስያ አገሮች ያዘጋጁት ውሳኔ ቁጥር 1514 ለጠቅላላ ጉባኤው ቀረበ። 89 አገሮች ደገፉት። የተቃወመ አንድም የለም። ዘጠኝ አገሮች ድምፃቸውን አቀቡ። እነማን እንደነበሩ እይልኝ፦ እንግሊዝ፣ ፈረንሳይ፣ ቤልጅግ፣ ፖርቱጋል፣ ስፔን፣ ደቡብ አፍሪካ፣ አውስትራሊያ፣ ዶሚኒካን ሪፐብሊክ። ዘጠነኛዋ አሜሪካ ናት።

በጣም የሚያንገበግበኝ ደግሞ ኒውዮርክ የነበሩት የአሜሪካ ልዑካን ውሳኔውን መደገፍ ይፈልጉ የነበረ መሆኑ ነው። የእንግሊዙ ጠቅላይ ሚኒስትር ሃሮልድ ማክሚላን ግን በቀጥታ ፕሬዚዳንት አይዘንሃወርን ተማፀኑ። ከዋሽንግተን ትእዛዝ መጣ፤ ልዑካኑም ድምፃቸውን አቀቡ። ውሳኔው ሲጸድቅ አንዲት የልዑኩ አባል ከመቀመጫቸው ተነስተው አጨበጨቡ። ዘልማ ጆርጅ ይባላሉ፤ ጥቁር አሜሪካዊት ናቸው። የሚወክሉት መንግሥት ዝም ብሏል፣ እሳቸው በሰው ሁሉ ፊት ያጨበጭባሉ። ስለዚያ ዘመን ሳስብ ቀድሞ የሚመጣልኝ እሳቸው ናቸው።

ለምን ላልከው፣ ነገሩ የሚጀምረው ከአውሮፓ ነው። ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ የዋሽንግተን ትልቁ ጭንቀት ሶቪየት ኅብረት ነበረች። እሷን ለመመከት የተመሠረተው ኔቶ ውስጥ ደግሞ ቅኝ ገዢዎቹ ተሰብስበዋል። እንግሊዝ፣ ፈረንሳይ፣ ቤልጅግ፣ ኔዘርላንድስ፣ ፖርቱጋል ሁሉም አባል ናቸው። ስለዚህ አንድ ሕዝብ ነፃነቱን ሲጠይቅ ዋሽንግተን መጀመሪያ የምታሰላው ማን እንደሚቀየምና ማን እንደሚጠቀም ነበር።

ይህን ያልኩት ሁለት አገሮችን ጎን ለጎን አድርጌ ካየሁ በኋላ ነው። ሆ ቺ ሚን ሴፕቴምበር 2 ቀን 1945 ሃኖይ ላይ የፈረንሳይ ቅኝ ግዛት የነበረችውን የቬትናምን ነፃነት ሲያውጁ ንግግራቸውን የጀመሩት ከአሜሪካ የነፃነት አዋጅ በተወሰደ ዓረፍተ ነገር ነው፤ ሰዎች ሁሉ እኩል ተፈጥረዋል የሚለው። ለፕሬዚዳንት ትሩማንም ደጋግመው ጻፉ። መልስ አላገኙም። ሰውዬው ኮሚኒስት ነበሩ፣ ፈረንሳይ ደግሞ መቀየም የለባትም። በመጨረሻ የፈረንሳይን ጦርነት ወጪ አብዛኛውን የምትሸፍነው አሜሪካ ሆነች።

ኢንዶኔዥያም ነፃነቷን ያወጀችው በዚያው በ1945፣ ኦገስት 17 ነው። እዚያም መጀመሪያ ላይ ዋሽንግተን ኢንዶኔዥያን ከሚገዙት ከደቾች፣ ማለትም ከኔዘርላንድስ ጋር መጣላት አልፈለገችም። ሁኔታውን የለወጠው በሴፕቴምበር 1948 ማዲዩን በምትባል ከተማ የተነሳው የኮሚኒስቶች አመፅ ነው። ነፃነቱን ያወጁት መሪዎች የሱካርኖና የሃታ መንግሥት አመፁን ደመሰሰ። ከዚያ በኋላ ለዋሽንግተን ሁለቱ መሪዎች ሌላ ሰው ሆነው ታዩ። በዲሴምበር ደቾች ዮግያካርታን ወርረው መሪዎቹን ሲያስሩ አሜሪካ ለኢንዶኔዥያው የደች አስተዳደር ይሰጥ የነበረውን የማርሻል ፕላን (ከጦርነቱ በኋላ አውሮፓን መልሶ ለመገንባት አሜሪካ የምትሰጠው እርዳታ) ገንዘብ አገደች። ለኔዘርላንድስ የሚሄደውም ሊቆም ይችላል የሚል ማስፈራሪያ ተሰማ። ደቾች ዲሴምበር 27 ቀን 1949 ሥልጣን አስረከቡ። አየህ ልጄ፣ ጉልበቱ ነበራት። ስትፈልግ ትጠቀምበት ነበር።

ጊኒም በ1958 የፈረንሳዩን መሪ ደ ጎልን እምቢ ብላ ከፈረንሳይ ግዛት ስትወጣ ዋሽንግተን ፓሪስን ላለማስቀየም እውቅና ለመስጠት አንድ ወር ያህል አዘገየች። ከዚያ በፊት በ1956 የውጭ ጉዳይ ሚኒስትሩ ጆን ፎስተር ደለስ ከአሜሪካም ከሶቪየትም ወገን ሳይሆኑ ገለልተኛ መሆን ከሥነ ምግባር ውጭ ነው የሚል ንግግር አድርገዋል። ያን የተናገሩት ኢንዶኔዥያ ውስጥ ባንዱንግ ከተማ ላይ 29 የእስያና የአፍሪካ አገሮች በተሰበሰቡ በዓመቱ ነው። ከጦርነት ወይም ከቅኝ ግዛት ገና ለወጣ አገር ይህ ስድብ ነው።

ኬኔዲ ሲመጡ ነገሩ ተሻሻለ? በከፊል አዎ። ገና ሴናተር ሳሉ፣ በ1957፣ አሜሪካ የአልጄሪያን ነፃነት እንድትደግፍ ተናግረው ፈረንሳይን አስቆጥተዋል። ፕሬዚዳንት በሆኑ በሁለት ወራቸው፣ በማርች 1961፣ አሜሪካ በጸጥታው ምክር ቤት የፖርቱጋል ቅኝ ግዛት ስለነበረችው አንጎላ ከሶቪየት ኅብረት ጋር አንድ ዓይነት ድምፅ ሰጠች፤ በፖርቱጋል ላይ። ይህ ትልቅ ነገር ነበር። ግን ፖርቱጋል አዞረስ ደሴቶች ላይ የአሜሪካ አየር ኃይል የሚጠቀምበት ጦር ሰፈር ነበራት። የስምምነቱ ጊዜ በ1962 ማብቂያ ላይ ሊያልቅ ሲቃረብ የዋሽንግተን አንደበት ለሰለሰ። አንጎላ ነፃ የወጣችው በ1975 ነው።

ጥያቄ፦ ጡረታ የወጣሁ አንባቢዎ ነኝ። በዚያ ዘመን የአፍሪካ አምባሳደሮች አሜሪካ ውስጥ መንገድ ላይ ቡና እንኳ ይከለከሉ ነበር ሲባል እሰማለሁ። የተጋነነ ይሆን?

መልስ፦ አልተጋነነም። እንዲያውም ሙሉው ታሪክ ከሰሙት የባሰ ነው።

በኦክቶበር 1957 የጋናው የገንዘብ ሚኒስትር ኮምላ ግቤደማ ደላዌር ውስጥ ዶቨር ከተማ አጠገብ ምግብ ቤት ገብተው የብርቱካን ጭማቂ አዘዙ። ጥቁር ስለሆኑ እዚያ ተቀምጠው መጠጣት እንደማይችሉ ተነገራቸው። ጋና ነፃ የወጣችው በዚያው ዓመት በማርች ነው። ለበዓሉ አሜሪካን ወክለው አክራ የተገኙት ምክትል ፕሬዚዳንት ኒክሰን ነበሩ። ወሬው በየጋዜጣው ሲወጣ አይዘንሃወር ግቤደማን ዋይት ሃውስ ጠርተው ቁርስ ጋበዟቸው። ያቺ ቁርስ ለሰውዬው ክብር ነበረች። ምግብ ቤቶቹ ግን በዚያው ቀጠሉ።

በ1960 ብቻ 17 የአፍሪካ አገሮች ነፃ ወጡ። አምባሳደሮቻቸው ኒውዮርክ ካለው የተባበሩት መንግሥታት ወደ ዋሽንግተን በመኪና ይመላለሳሉ። መንገዱ አውራ ጎዳና 40 ነው፤ ደላዌርንና ሜሪላንድን ያቋርጣል። በ1961 የቻዱ አምባሳደር አዳም ማሊክ ሶው ሜሪላንድ ውስጥ ቡና ሊጠጡ ቆመው ተከለከሉ። የኬኔዲ ረዳት የነበሩት ሃሪስ ዎፎርድ በኋላ እንደጻፉት ደግሞ፣ ፕሬዚዳንቱ መጀመሪያ ላይ ያሉት አምባሳደሮቹ በአውሮፕላን ይሂዱ የሚል ነበር።

ሳነበው ደሜን የሚያፈላው ግን ሌላ ነው። በኦገስት 1961 የባልቲሞር ጥቁሮች ጋዜጣ ሦስት ሪፖርተሮች ጎባን የምትባል አገር ፈጠሩ። የጎባን ባለሥልጣናት መስለው ለብሰው፣ ሊሞዚን ተከራይተው በዚያው መንገድ ወጡ። አንዳንድ ምግብ ቤቶች እንደ ክቡር እንግዳ አስተናገዷቸው። በራሳቸው ልብስና በራሳቸው ስም፣ እንደ አሜሪካዊ ዜጋ ቢገቡ ኖሮ እዚያው ቤት በር ይዘጋባቸው ነበር። በሌለች አገር ስም ክብር አገኙ፤ ተወልደው ባደጉበት አገር ስም ግን የለም!

የውጭ ጉዳይ ሚኒስቴሩ በፔድሮ ሳንጁዋን የሚመራ ክፍል አቋቁሞ የምግብ ቤት ባለቤቶችን ማግባባት ያዘ። ሜሪላንድ በ1963 አድልዎን የሚከለክል ሕግ አወጣች፤ መጀመሪያ ላይ ሁሉንም ወረዳዎቿን አይሸፍንም ነበር። በዚያው ዓመት በጁላይ የውጭ ጉዳይ ሚኒስትሩ ዲን ራስክ ሴኔት ፊት ቀርበው ይህ አድልዎ አሜሪካን ከሌላው ዓለም ጋር ባላት ግንኙነት እየጎዳት ነው ብለው መሰከሩ። አድልዎን በመላ አገሪቱ የሚከለክለው የፌደራሉ ሕግ ጁላይ 2 ቀን 1964 ተፈረመ። አደራ፣ ይህን ሕግ አምባሳደሮቹ አመጡት ብለው እንዳይነግሩብኝ። ያመጡት ምግብ ቤት ገብተው አንነሳም ብለው የታሰሩትና የተደበደቡት ጥቁር አሜሪካውያን ናቸው። አምባሳደሮቹ ያደረጉት ዋሽንግተን ነገሩን የቤት ውስጥ ጉዳይ ነው ብላ መሸፈን እንዳትችል ነው።