ሙሽራው ጥር 14 ይሄዳል

ጥያቄ፦ እትዬ፣ ዓምድዎን ቤታችን ውስጥ ጮክ ብላ የምታነበው እናቴ ናት። ይህን ግን ከእሷ ተደብቄ ነው የምጽፈው። 27 ዓመቴ ነው፤ የምንኖረው ሱሉልታ ነው። እጮኛዬ ዱባይ ይሠራል። ለመጪው ገና፣ ለ2019 ማለቴ ነው፣ ፈቃድ አግኝቷል። ታኅሣሥ 27 ይገባል፣ ጥር 14 ይመለሳል። ቤተሰቦቹ አዲሱ ገበያ ናቸው። «እሑድ ጥር 2 ደግሰን ከበዓሉ ጋር በአንድ ወጪ እንገላገል» ይላሉ። እናቴ «ሠርግ ከጥምቀት በኋላ ነው፤ ከዚያ በፊት ልጅ አልድርም» ብላ ቁጭ ብላለች። ጓደኞቼ ደግሞ ግቢያችን ውስጥ ድንኳን ተጥሎ፣ በመብራት ያሸበረቀ የማታ ፕሮግራም ካልሆነ አይደምቅም ይሉኛል። እንግዳው 300 ይሆናል። ምን ላድርግ?
ግራ የገባት ሙሽራ

መልስ፦ ልጄ፣ እንኳን ደስ ያለሽ! ደብዳቤሽን እንዳነበብኩ የቀን መቁጠሪያዬን ይዤ ተቀመጥኩ።

ጥር 2ን እርሺው። ምክንያቱን የሚያውቀው ሽንኩርት የከተፈ ነው። ለእሑድ ሠርግ ሽንኩርት መከተፍ የሚጀምረው ሐሙስ ነው። ያ ሐሙስ ደግሞ ገና ነው! የእድራችሁ ሴቶች የየራሳቸውን ዶሮ ትተው የናንተን ቁሌት ሊያማስሉ? አያደርጉትም አልልም፤ የሰፈር ሰው ነውና ይመጣሉ። ግን ፊታቸው ሌላ ይሆናል። «በአንድ ወጪ» የሚሉትም ወንዶቹ ይመስሉኛል። በገና ሰሞን ቅቤውም እንቁላሉም ሰንጋውም ዋጋው ሰማይ ነው።

እናትሽ ያለችው መሠረት አለው። እኔም ብሆን ከጥምቀት በኋላ ብል ደስ ይለኛል። በዚያ ላይ የ2019 የሠርግ ወቅት ረጅም ነው። በ2018 ዐቢይ ጾም የገባው የካቲት 9 ነበር፤ ሰዉ ሁሉ ተሻምቶ ነው የዳረው። በ2019 ግን የነነዌ ጾም የካቲት 15፣ ዐቢይ ጾም ደግሞ የካቲት 29 ነው የሚገባው። ስለዚህ መጀመሪያ ልጁን ጠይቂው፤ ፈቃዱን ሁለት ሳምንት ማስገፋት ይችላል? ከቻለ እሑድ ጥር 16 ወይም 23 አድርጉት፣ እናትሽም ደስ ይበላት።

ካልቻለ ጥር 9 ነው። እሑድ ነው። የገና ጾም ከተፈታ ከሳምንት በላይ ሆኖታል፣ የጎረቤት እጅ አርፏል። ፎቶ አንሺውና ዲኮር ሠሪውም ገና አልተጨናነቁም፤ ግርግሩ የሚመጣው ከጥምቀት በኋላ ባሉት ቅዳሜና እሑዶች ነው። እናትሽ ከጥምቀት በፊት አይሆንም ካለች የንስሐ አባታችሁን ትጠይቅ። ከገና እስከ ጥምቀት ባለው ጊዜ ሠርግ ሲደገስ አዲስ ነገር አይደለም።

አንድ ችግር ብቻ አለበት፣ መልሱ። በማግስቱ ሰኞ ጥር 10 ከተራ ነው፤ ገሃድም ነው፣ ይጾማል። ሥጋ ማቅረብ የለም። ማክሰኞ ጥምቀት ነው፣ ሰው ታቦት ተከትሎ ይወጣል። ረቡዕ ቃና ዘገሊላ ነው። የሠርግ ቤት በዓል ነውና ያምራል፤ ግን ሽማግሌዎቹ «ረቡዕማ ጾም ነው» ማለታቸው አይቀርም። የሚቀረው ሐሙስ ጥር 13 ነው። ሙሽራው መልሱን በልቶ ዓርብ ይበራል። ትንሽ ጥድፊያ አለው፣ ግን ይሆናል። ከአዲስ አበባ የሚመጡት ዘመዶቹ እሑድ ማታ ሳይመሽ ይመለሱ፤ ከተራ ከሰዓት ታቦት ሲወጣ መንገድ ይዘጋል።

አሁን ወደ ብርዱ። የማታውን ነገር ተዪው፣ በእኔ ይሁንብሽ። የመጀመሪያ ልጄን ለገጣፎ የዳርኳት በጥር፣ ማታ፣ በድንኳን ነበር። መብራቱ አምሮ ነበር። ፀሐይ ገብታ አንድ ሰዓት ሳይሞላ ብርዱ ከመሬት ተነሣ። ቀይ ወጡ ሳህን ላይ እንደወጣ ቅቤው ረጋ። ነጭ ሆኖ! እንግዳው በእንጀራ ጫፍ ይገፋዋል። አክስቴ ጋቢ ለብሳ ላዩ ላይ ሌላ ጋቢ ደርባ፣ ኬክ ሳይቆረስ ሄደች። እስከ ዛሬ ታነሣብኛለች። እናንተ ደግሞ ከእንጦጦ ጀርባ ናችሁ፤ ሱሉልታ ጠዋት ሣሩ ላይ ውርጭ የሚታይበት አገር ነው። ምሳ አድርጉት። 6 ሰዓት ተኩል ይቀርብ፣ 11 ሰዓት ላይ ሙሽሮቹ ይሸኙ። ጓደኞችሽ መጨፈር ካማራቸው ቤት ውስጥ ሠላሳ አርባ ሆናችሁ ጨፍሩ፤ ሰው ለሰው ይሞቃል። አንድ ነገር ግን አደራ፦ ከሰል አቀጣጥላችሁ ወደ ተዘጋ ድንኳን ወይም ክፍል እንዳታስገቡ። ጭሱ ባይታይም ሰው ይገድላል።

በቁርባን ከሆነ የምትጋቡት፣ ቅዳሴው ሌሊት ነው። ከቀሚሱ ስር ወፍራም ሙሉ የውስጥ ልብስ ልበሺ፣ ካባው ይሸፍነዋል። እየተንቀጠቀጡ የተነሡት ፎቶ አያምርም፤ የልጄ አልበም ምስክር ነው።

ሰንጋውን ከገና በኋላ ባለው ሳምንት ግዙ፤ ገበያው ትንሽ ይረጋጋል። ከአሁኑ ካያችሁም ቀብድ ሰጥታችሁ እዚያው ይቀለብ። ሊጥ በዚህ ብርድ ቶሎ አይነሣም፤ በሦስት ቀን የሚደርሰውን አራት ቀን ስጡት። ሌሎቹን፣ ወንበሩን፣ ሳህኑን፣ ብረት ድስቱን እድሩ ያውቃል። ብቻ ከገና በፊት አስመዝግቡ።

እንግዲህ ይህን ገጽ እናትሽ ጮክ ብላ እያነበበችው ይሆናል። እማማ፣ ልጅዎ ተደብቃ የጻፈችው ፈርታ ሳይሆን አክብራዎት ነውና አይቆጧት። ጠጁን ታኅሣሥ 5 አካባቢ ይጣሉት፤ በሱሉልታ ብርድ በሦስት ሳምንት ይደርሳል ብለው አይመኑ። ጋኑን በጋቢ ይጠቅልሉና ምድጃው አጠገብ ያቁሙት። የጠላውን ጥንስስም ከወትሮው ቀደም ብለው ይጀምሩት።