‹ተምች› ሲሉ የትኛውን ነው?

ጥያቄ፦ ሰበታ ጓሮዬ የዘራሁት በቆሎ ጉልበት ሳይደርስ ትል ገባበት። ጎረቤቴ «ተምች ነው» አለኝ፣ የቀበሌው የግብርና ባለሙያ «መጤ ተምች»፣ መድኃኒት ሻጩ ደግሞ «አገዳ ቆርቁር»። ማንን ልስማ?

መልስ፦ ገንዘብ ከማውጣትዎ በፊት ትሉን መዳፍዎ ላይ አድርገው ይዩት። ሦስቱ ስሞች የሦስት የተለያዩ ነፍሳት ናቸው፤ አያያዛቸውም ይለያያል።

መጤ ተምች (ስፖዶፕቴራ ፍሩጊፐርዳ) ከአሜሪካ አህጉር የመጣ ሲሆን፣ አገራችን ውስጥ የታየው እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ2017 ነው። ግንባሩ ላይ የ‹ሰ› ፊደልን የሚመስል ነጣ ያለ መስመር አለው። በዚህ ብቻ ግን አይፍረዱ። ነባሩ ተምችም ደብዘዝ ያለ ተመሳሳይ ምልክት ስላለው ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ላይ ነው። ወሳኙ ምልክት ወደ ኋላው ጫፍ፣ ጀርባው ላይ ይገኛል፦ አራት ጎላ ያሉ ጥቁር ነጥቦች ካሬ ሠርተው ይታያሉ። በቀሩት የአካሉ ክፍሎች ላይ ነጥቦቹ ካሬ አይሠሩም። ትሉ የሚበላው መሃል ላይ ተጠቅልሎ የሚወጣውን ለጋ ቅጠል ነው፤ እዚያው እርጥብ ሰጋቱራ የመሰለ ኩስ ይተዋል። ሲያድግ ኩሱ መግቢያውን ስለሚደፍነው የተረጨው ኬሚካል አይደርሰውም። ስለዚህ መርጨት ካስፈለገ ትሉ ገና ትንሽ ሳለ፣ ማለዳ ወይም አመሻሽ ላይ፣ ኖዝሉን ወደ ጥቅልሉ አዙሮ ነው። ለጓሮ ማሳ ግን በእኛ እምነት እጅ ይበልጣል። በሳምንት ሁለት ጊዜ ቅጠሉን እያገላበጡ በጸጉር መሰል ነገር የተሸፈኑትን የእንቁላል ክምሮች በጣት ይጨፍልቁ፤ አንዱ ክምር ብቻ ብዙውን ጊዜ ከ100 እስከ 200 እንቁላል ይይዛል።

ነባሩ ተምች (ስፖዶፕቴራ ኤግዜምፕታ) ሲበዛ ይጠቁርና በመንጋ ይጓዛል። የሚያጠቃው ሣርንና የሣር ወገን የሆኑትን ጤፍን፣ ስንዴን፣ ገብስን፣ በቆሎን ነው። አጠገቡ ያለውን ባቄላ ትቶ ጤፉን ብቻ ከጨረሰ ይህን ይጠርጥሩ። የእሳት እራቶቹ በነፋስ ከሩቅ ስለሚመጡ አንድ ማሳ ብቻውን አይመክተውም፤ ባዩበት ቀን ለቀበሌው ያሳውቁ።

አገዳ ቆርቁር (ቡሴኦላ ፉስካ) ሮዝማ ነጭ ነው፣ አራቱ ነጥቦች የሉትም። ቅጠሉ ሲዘረጋ በመስመር የተደረደሩ ቀዳዳዎች ይታያሉ፤ ቆይቶ የመሃሉ ቅጠል ይደርቅና ሲስቡት ተመዝዞ ይወጣል። አገዳው ውስጥ ከገባ በኋላ መርጨት ከንቱ ነው። ከአጨዳ በኋላ አገዳውን ከማቆም ይልቅ ለአንድ ወር ያህል ፀሐይ ላይ አጋድሞ ማድረቅ ውስጡ ያደፈጠውን ትል ይገድላል።

ጥያቄ፦ ከሱሉልታ ነው። የጣዝማ ሳይንሳዊ ስም በአንድ ጽሑፍ ትሪጎና ቤካሪ፣ በሌላው ሜሊፖኑላ ቤካሪ ተብሏል። ሁለት ዓይነት ጣዝማ አለ? ከስሙ ቀጥሎ በቅንፍ ያለው የሰው ስምና ዓመትስ ምንድን ነው?

መልስ፦ ነፍሳቱ አንድ ነው። የመጀመሪያው ቃል ወገኑን፣ ሁለተኛው ዝርያውን ይነግራል። ግሪቦዶ የተባለው ተመራማሪ በ1879 (እንደ አውሮፓውያን) ሲሰይመው ትሪጎና ከሚባለው ወገን መድቦት ነበር፤ በኋላ ወደ ሜሊፖኑላ ተዛወረ። ቅንፉ የሚናገረው ይህንኑ ነው፦ ሰያሚው የመደበበት ወገን ተቀይሯል። የማር ንብ ግን «አፒስ ሜሊፌራ ሊኔየስ፣ 1758» ተብሎ ያለ ቅንፍ ይጻፋል፤ ወገኑ እስከ ዛሬ አልተነካምና። ስለዚህ የቆዩ ጽሑፎችን ሲያነቡ የመጀመሪያው ቃል ቢለያይም ሁለተኛው ቃልና ሰያሚው ከተመሳሰሉ፣ አንድ ነፍሳት መሆኑን ይጠርጥሩ። ከወገኑ ስም ቀጥሎ ‹ኤስፒ.› ብቻ ካለ፣ ዝርያው አልተለየም ማለት ነው።

ጥያቄ፦ መዥገር ከነፍሳት ይቆጠራል? ከለገጣፎ።

መልስ፦ አይቆጠርም፤ የሸረሪት ዘመድ ነው። ግራ የሚያጋባው ገና የተፈለፈለው መዥገር እንደ ነፍሳት ስድስት እግር ብቻ ያለው መሆኑ ነው። ሲያድግ ስምንት ይሆናል። ሙጀሌ ግን የቁንጫ ወገን ስለሆነ ከነፍሳት ነው።

ጥያቄ፦ ያላወቅነውን ትል ለምርምር ማዕከል ወስደን ስናሳይ «ተበላሽቷል፣ መለየት አይቻልም» ተባልን። እንዴት ይያዝ? ከቡራዩ።

መልስ፦ ትል በደረቁ ከተያዘ ይሸበሸባል፣ በቀጥታ አልኮል ውስጥ ከገባ ደግሞ ይጠቁራል፤ ሁለቱም ምልክቶቹን ያጠፋሉ። መጀመሪያ ሊፈላ የደረሰ ውኃ ውስጥ ለግማሽ ደቂቃ ያህል ይንከሩት፣ ከዚያ 70 በመቶ አልኮል ውስጥ ይክተቱት። ያገኙት 96 በመቶ ከሆነ 73 ሚሊ ሊትሩን ከ27 ሚሊ ሊትር ውኃ ጋር ይቀላቅሉ። የእጅ ማጽጃ ጄል አይሆንም። ብልቃጡን በትል አይሙሉት፣ በማግስቱም አልኮሉን ይቀይሩ፤ ከትሉ የሚወጣው ውኃ ስለሚያቀጥነው ናሙናው ይበሰብሳል።

ቢራቢሮና የእሳት እራት አልኮል አይወዱም፤ የክንፋቸው ብናኝ ይረግፋል። በወረቀት አጥፈው በካርቶን ሣጥን ይውሰዷቸው። ፌስታል ውስጥ ይሻግታሉ።

ከሁሉም በላይ ወረቀቱ አይረሳ። የተያዘበትን ቦታ፣ ቀን፣ ሰብሉንና የተገኘበትን የተክሉን ክፍል፣ የያዘውን ሰው ስም በእርሳስ ጽፈው ብልቃጡ ውስጥ ይክተቱ፤ የእስክሪብቶ ቀለም አልኮል ውስጥ ይለቃል። ቀኑ በኢትዮጵያ ወይም በአውሮፓውያን አቆጣጠር መሆኑንም ይጻፉ። ለሰብል ተባይ ሆለታ ያለው የግብርና ምርምር ማዕከል ለእናንተ ቅርብ ነው። ሲሄዱ ከትሉ ጋር የተበላውን ቅጠል ወይም አገዳ ይዘው ይሂዱ፤ የአበላሉ ምልክት ብዙ ጊዜ ከትሉ እኩል ይናገራል።