ሁለት ትዕይንት ብቻ ለሚሰጧት እህቴ

እህቴ፣ «41 ዓመቴ ነው። ያደግኩት አገር ቤት መድረክ ላይ ነው፤ እዚህ ሜሪላንድ ግን በአነስተኛ ባጀት ፊልሞች ሁልጊዜ ነርስ ወይም ጎረቤት ያደርጉኛል። መሪ ተዋናይት ሳልሆን ልቀር ነው? ልተወው?» ብለሽ የጠየቅሽውን ከሌሊት ሥራ ስወጣ አነበብኩት። በዚሁ መንገድ 19 ዓመት ሄጃለሁና እባክሽ አትተዪው። ነገር ግን ትንሿን ሚና ወደ ትልቋ መሸጋገሪያ ብቻ አድርገሽ ካየሻት ልብሽ ይዝላል።

የእኔም ዝሎ ነበር። የፓርኪንግ ሠራተኛ ሆኜ በተሰጠችኝ አንዲት ዓረፍተ ነገር ችሎታዬን ሁሉ ላሳይ ስታገል፣ አዘጋጁ ቀረጻውን አስቁሞ «ይሄ ሰው 10 ሰዓት ቆሞ ውሏል፤ የሚፈልገው መቀመጥ ብቻ ነው» አለኝ። አፈርኩ። እኔ ራሴ ያኔ የምኖረው በፓርኪንግ ሥራ ነበርና ያንን ድካም እግሬ ያውቀው ነበር። ከዚያ ወዲህ ስክሪፕት ሲደርሰኝ ሰውየው ከየት እንደመጣ፣ ምን እንደበላ፣ ቤት ማን እንደሚጠብቀው ጽፌ እይዛለሁ። ጫማውንም አስቀድሜ ለምኜ ቤት ውስጥ እሄድበታለሁ።

የአሜሪካዊውን ተዋናይ የሃሪ ዲን ስታንተንን ሥራዎች ፈልገሽ እዪ። ተዋናዩ ጃክ ኒኮልሰን ራሱ በጻፈው አንድ ርካሽ የካውቦይ ፊልም ላይ ሚና ሲሰጠው፣ ምንም እንዳይሠራ፣ ልብሱ እንዲተውንለት፣ እሱ ራሱን ብቻ እንዲሆን እንደመከረው ስታንተን ይናገር ነበር። ለሠላሳ ዓመት ገደማ ወንበዴ፣ እስረኛ፣ መካኒክ ሲሆን ኖሮ፣ አንድ ቀን ሳንታ ፌ ከተማ መጠጥ ቤት ውስጥ ለጸሐፊው ለሳም ሼፐርድ የሚሰጡት ሚናዎች እንደሰለቹትና ውበት ያለው ነገር መሥራት እንደሚሻ ነገረው። በዚያ ሰበብ የ«ፓሪስ፣ ቴክሳስ» ፊልም መሪ ተዋናይ ሆነ፤ ሲቀረጽ 57 ዓመቱ ነበር። ፊልሙ እ.ኤ.አ. በ1984 በካን ፌስቲቫል ከፍተኛውን ሽልማት ፓልም ዶርን አሸነፈ። እኔን ይበልጥ የሚነካኝ ግን ከዚያ በኋላ ያለው ነው፤ ተመልሶ ትናንሾቹን ሚናዎች በዚያው ልብ ሠራ። እ.ኤ.አ. በ2017 በ91 ዓመቱ ሲያርፍ መሪ የሆነበት «ለኪ» ሊወጣ ሁለት ሳምንት ያህል ቀርቶት ነበር። የዚያ ፊልም አዘጋጅ ጆን ካሮል ሊንችም ራሱ በረዳት ሚና የኖረ ተዋናይ ነው።

ስለ ገንዘቡ እውነቱን ልንገርሽ። ባጀታቸው እስከ 300,000 ዶላር ለሆነ ፊልሞች የተዋናዮች ማኅበራችን ሳግ-አፍትራ ያስቀመጠው የቀን ክፍያ ከ250 ዶላር ብዙም አይርቅም፤ አንቺ የምትሠሪው ደግሞ ሁለት ቀን ይሆናል። ስለዚህ ሥራሽን እንዳትለቂ። «ፊልሙ ሲሸጥ እንከፍላለን» የሚል ካለ በጽሑፍ ያዢ፤ እኔ በቃል አምኜ እስከ ዛሬ ያልተከፈለኝ አለ። የራስሽን ትዕይንት ቅጂ መቼ እንደሚሰጡሽም አስጽፊ፤ ለሚቀጥለው ኦዲሽን የሚያስፈልግሽ እሱ ነው።

«አፍሪካዊ አነጋገር አምጪ» ሲሉሽ የየት አገር ሰው እንደሆነች ጠይቂ። አንዳንዱ ይከፋዋል። አንዲት ወጣት አዘጋጅ ግን በዚያ ጥያቄ ምክንያት ከእኔ ጋር ተቀምጣ ሚናውን እንደገና ጻፈችው፤ ከዚያ ወዲህ በአራት ፊልሞቿ ጠርታኛለች። በመጀመሪያው ቀን ያገኘኋት የተማሪዎች ፊልም ላይ የድምፅ ገመድ ስትጠቀልል ነበር።

የነርሷን ትዕይንት ላኪልኝ። እሁድ ከቅዳሴ በኋላ ደውዪ፤ አብረን እናየዋለን።