ወንድምዎ ለታሰረብዎ ጠያቂ፦ ቀኑን ሳያነቡ አይፈርሙ

ወንድምዎ ፍርድ ቤት ሳይቀርብ በፖሊስ ጣቢያ አምስት ቀን እንደሞላው ገልጸው፣ ሽማግሌ ልኮ አዛዡን መለመን ይሻላል ወይስ ፍርድ ቤት መሄድ ብለው ለጠየቁን ወንድማችን፤ እኔም ከደብረ ማርቆስ ብዙም በማይርቅ ወረዳ በ2011 ዓ.ም. ወንድሜ በመሬት ድንበር ክርክር ታስሮብኝ በዚሁ ጉዳይ ተንገላትቻለሁና የደረሰብኝን ላጫውትዎ። የእርስዎም ነገር የድንበር ክርክር እንደሚሆን አልጠራጠርም፤ በእኛ አገር ፖሊስን ሰው ደጃፍ የሚያመላልሰው አብዛኛውን ጊዜ መሬት ነው።

1. ሽማግሌውን ይተዉት። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 19 የተያዘ ሰው በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት እንዲቀርብ ሲያዝ፣ ከቁጥር ውጭ የሚያደርገው ለመንገድ የሚያስፈልገውን ጊዜ ብቻ ነው፤ ቅዳሜና እሑድ አይቆጠርም የሚል ቃል በአንቀጹ ውስጥ የለም። ጊዜው ካለፈ የአካል ነጻነቱ እንዲከበርለት ፍርድ ቤትን መጠየቅ መብት ነው። እኔ ይህን ባለማወቄ ቀናት ሙሉ ሽማግሌ ሰበሰብሁ፣ የነፍስ አባታችንን ሳይቀር አስለመንሁ፤ አዛዡም «ነገ እናየዋለን» እያለ በፈገግታ ሸኘን።

2. አቤቱታውን በጥንቃቄ ያጽፉ። የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ከቁጥር 177 ጀምሮ አካልን ነጻ ስለማውጣት ይደነግጋል። ከአቤቱታው ጋር ማን እንደያዘው፣ የት እንዳለና ነገሩን የሚያውቁ ምስክሮች እነማን እንደሆኑ የሚገልጽ ቃለ መሐላ ይቀርባል። ታሳሪው ራሱ መማል ካልቻለ ሌላ ሰው ይምልለታል፤ ነገር ግን ታሳሪው እንዳልቻለ በግልጽ መጻፍ አለበት። ይህችን አንዲት ዐረፍተ ነገር በመርሳቴ የመዝገብ ቤቱ ሠራተኛ ወረቀቴን ገፋ አድርጎ «አንተ ምን አገባህ፣ ራሱ ይምጣ» አለኝ። የታሰረ ሰው ራሱ በየት በኩል እንደሚመጣ ብጠይቀው ቀና ብሎም አላየኝም። ማመልከቻ ጸሐፊ ዘንድ ሄጄ ሳስተካክል ከጣቢያው ተደወለልኝና «ዋስ ይዘህ ና፣ ውሰደው» ተባልሁ። ደስታው ዓይኔን ጋርዶት የዋስትናውን ቅጽ ሳላነብ ፈረምሁ። ወንድሜ የተያዘው እሑድ ከቅዳሴ ሲወጣ ነበር፤ ቅጹ ግን ሐሙስ ተይዞ ሐሙስ እንደተለቀቀ ይናገራል። በኋላ በ1996ቱ የወንጀል ሕግ አንቀጽ 423 ሕገ ወጥ እስራት የሚያስቀጣ መሆኑን ጠቅሼ አቤት ብል፣ የራሴን ፊርማ አውጥተው አሳዩኝ። ያን ሁሉ ቀን ሲሚንቶ ላይ የተኛው ልጅ በወረቀት አንዲት ሌሊት እንኳ አላደረም።

3. ሰዓቱን ይጻፉ። ከሁለት ወር በኋላ ያው ፖሊስ፣ ነገሩ የፍትሐ ብሔር ክርክር መሆኑን እያወቀ፣ ከተከራካሪያችን ጋር የሥጋ ዝምድና እንዳለውም አገር እያወቀ፣ ወንድሜን ከእርሻው ላይ ደግሞ ወሰደው። እኔ በልጄ ደብተር ላይ ሰዓቱን፣ የመጡትን ሰዎችና በአጠገቡ ያርሱ የነበሩትን የሁለት ጎረቤቶች ስም ጻፍሁ። የመንገዱን ጊዜ ጨምሬ 48 ሰዓቱ ሲያልፍ አቤቱታው ከነቃለ መሐላው ቀረበ፤ ፍርድ ቤቱም ፖሊስ ታሳሪውን ይዞ እንዲቀርብና ያሰረበትን ምክንያት እንዲያስረዳ አዘዘ። የመጣው መኮንን ከደብተሬ ጋር የሚከራከርበት ነገር አላገኘም፤ ወንድሜ ከችሎቱ አብሮኝ ወጣ። ጠበቃ አልያዝሁም ነበር፤ ይህን ስናገር ትንሽ እንደምኮራ አልደብቅም።

ፖሊስ አቤቱታዎን ሲሰማ ወንድምዎን ፈጥኖ አቅርቦ የምርመራ ጊዜ ሊጠይቅ ይችላል። ያን ጊዜ የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 59 በአንድ ጊዜ ከ14 ቀን በላይ እንደማይፈቅድ ያስታውሱ፤ ዋስትናም በዚያው ቀን ይጠይቁ። ከዚያ በፊት ግን ከጣቢያው ቢደወልልዎ ቸኩለው ብቻዎን አይሂዱ፣ ማንበብ የሚችል ሰው ያስከትሉ፤ የተያዘበት ቀን በሚለው ቦታ ላይ እውነተኛው ቀን ካልሰፈረ ሳይታረም እጅዎን አያሳርፉ። የእኔን ቅጂ ዛሬም ከሣጥኔ አላወጣሁትም፤ ሐሙስ ይላል።