ስለ ሐቲ ማክዳንኤል፦ ጥያቄና መልስ

እዚህ ፒያሳ ስለ ቀደምት ፊልሞች ስንወያይ ስለ አሜሪካዊቷ ረዳት ተዋናይት ሐቲ ማክዳንኤል ላነሣችኋቸው ጥያቄዎች መልሴን አቀርባለሁ። ዓመቶቹ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ጥያቄ፦ የኦስካር ሽልማት ያገኘችበት ሚና የትኛው ነው?

መልስ፦ ነቢይ መኰንን በማዕከላዊ እስር ቤት ሳለ በሲጋራ ወረቀት ላይ ተርጉሞ «ነገም ሌላ ቀን ነው» ያለው ልቦለድ («ጎን ዊዝ ዘ ዊንድ») በ1939 ፊልም ሲሆን የማሚን፣ ማለትም የሞግዚቷን፣ ሚና ተጫውታለች። የቤቱ ልጅ ከሞተች በኋላ ከቤተሰቡ ወዳጅ ከሜላኒ ጋር ደረጃውን እየወጣች የአባትየውን ሐዘን በተቆራረጠ ድምፅ የምትተርክበትን ትዕይንት ያየ ሰው ሽልማቱ ለምን እንደ ተሰጣት አይጠይቅም።

ጥያቄ፦ በሽልማቱ ምሽት ለብቻዋ ተቀምጣ ነበር የሚባለው እውነት ነውን?

መልስ፦ እውነት ነው። በ1940 ሥነ ሥርዓቱ የተካሄደበት የሎስ አንጀለሱ አምባሳደር ሆቴል ጥቁሮችን ስለማያስተናግድ የገባችው የፊልሙ ፕሮዲዩሰር ዴቪድ ሴልዝኒክ ልዩ ፈቃድ ጠይቆላት ነው፤ ያም ሆኖ ከሥራ ባልደረቦቿ ተለይታ ግድግዳው ጥግ ባለ ትንሽ ጠረጴዛ ተቀመጠች። የተሰጣት ሐውልት ሳይሆን ሰሌዳ መሆኑን ግን ከዘር መድልዎ ጋር ማያያዝ ስሕተት ነው፤ በዚያን ጊዜ ረዳት ተዋንያን ሁሉ፣ ነጮቹም ጭምር፣ የሚሸለሙት ሰሌዳ ነበርና።

ጥያቄ፦ ዘወትር የቤት ሠራተኛ ሆና መተወኗን ለምን ተቀበለች?

መልስ፦ ስቱዲዮዎቹ ለጥቁር ሴት ከዚህ የተለየ ሚና እምብዛም አይጽፉም ነበር። የጥቁሮች መብት ተሟጋቹ ዋልተር ኋይት እንዲህ ያሉ ሚናዎችን አጥብቆ ይነቅፍ ነበር፤ ነቀፋው ተገቢ ቢሆንም፣ በእኔ አስተያየት ከተዋናይቷ ይልቅ ጽሑፉን በሚጽፉትና ገንዘቡን በሚያወጡት ላይ ሊያርፍ ይገባው ነበር።

ጥያቄ፦ በቴሌቪዥንስ ሠርታለች?

መልስ፦ አዎን፣ ግን ለአጭር ጊዜ። ከ1947 ጀምሮ በሬዲዮ የመሪነቱን ሚና የያዘችበት «ቢዩላ» የተሰኘው አስቂኝ ተከታታይ ድራማ በ1950 ወደ ቴሌቪዥን ሲሸጋገር ሚናውን መጀመሪያ ያገኘችው ኤቴል ዋተርስ ነበረች። ማክዳንኤል በእርሷ ቦታ ተተክታ 6 ክፍሎች ብቻ እንደ ሠራች ታመመች፤ ሉዊዝ ቢቨርስም ቀጠለች። በዚህ ድራማ የርእሱ ባለቤት ብትሆንም ሚናው አሁንም የቤት ሠራተኛ ነው። በ1952 በጡት ካንሰር አረፈች።

ጥያቄ፦ ሰሌዳው ዛሬ የት ይገኛል?

መልስ፦ ለሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ተናዝዛው ነበር፤ እዚያ ሳለ ጠፋ። በ2023 የኦስካር ሽልማትን የሚሰጠው አካዳሚ ለዩኒቨርሲቲው ምትክ ሰጥቷል።