የ30 ዓመቱ የቤት ብድር በእውነት ስንት ያስወጣል?

ሰላም እህቴ። ጥያቄሽን ረጋ ብዬ አነበብኩት። ሲልቨር ስፕሪንግ አካባቢ 445 ሺህ ዶላር የሚሸጥ ታውንሃውስ አግኝታችኋል። በእጃችሁ 45 ሺህ አለ፤ ከሱ ውስጥ ገሚሱ በቅርቡ የሚወጣላችሁ እቁብ ነው። ቀሪውን 400 ሺህ በ6.5 በመቶ ወለድ ለ30 ዓመት ልትበደሩ ነው። ሎን ኦፊሰሩ (ብድሩን የሚያስጨርስላችሁ ሠራተኛ) «በወር 2,528 ዶላር ነው፤ አሁንም ለኪራይ 2,350 እየከፈላችሁ ነው፤ ልዩነቱ ምን አላት?» አላችሁ። አንቺ ደግሞ «እውነት ወጪው ይሄ ብቻ ነው?» አልሽ።

አይደለም። ሰውየው አልዋሸም፤ የነገራችሁ ግን ከወጪው አንዱን መስመር ነው። እኔ የባንክ ባለሙያ አይደለሁም። እዚሁ ሜሪላንድ የቤት ዕዳ መክፈል ከጀመርኩ ከአሥር ዓመት በላይ ሆኖኛል። ዘመድ ወዳጅም ከመፈረሙ በፊት ወረቀቱን ይዞ ወደኔ ይመጣል። ስለዚህ ያየሁትን ልንገርሽ።

2,528ን በ360 ወር አባዢው። ወደ 910 ሺህ ዶላር ይመጣል። የተበደራችሁት 400 ሺህ ስለሆነ ወለዱ ብቻ 510 ሺህ ነው ማለት ነው። ይሄን ሰምቶ የሚደነግጥ ብዙ ነው። እኔ ግን ያን ያህል አያስደነግጠኝም። አብዛኛው ሰው አንድን ብድር 30 ዓመት ሙሉ ይዞ አይቆይም፤ ወይ ይሸጣል ወይ ሪፋይናንስ ያደርጋል፤ ማለትም አሮጌውን ብድር በአዲስ ይተካል። ደግሞም የዛሬ 20 ዓመት የሚከፈል 2,528 ዶላር የዛሬውን ያህል አይከብድም። እኔን የሚያሳስበኝ የመጀመሪያዎቹ ዓመታት ናቸው።

የመጀመሪያውን ወር ክፍያ እንይ። ከ2,528ቱ ውስጥ 2,167ቱ ወለድ ነው። ዕዳችሁን የሚቀንሰው 361 ዶላር ብቻ ነው። ይሄ የባንክ ተንኮል አይደለም። ወለዱ በየወሩ የሚሰላው በቀረው ዕዳ ላይ ስለሆነ፣ ዕዳው ትልቅ በሆነበት ጊዜ ወለዱም ትልቅ ነው። አምስት ዓመት ሙሉ ሳታጓድሉ ብትከፍሉ 151 ሺህ 700 ዶላር አካባቢ ታወጣላችሁ። ዕዳው ግን ገና 374 ሺህ 400 ላይ ነው። የቀነሰው 25 ሺህ ከምናምን ነው። ከወርሃዊው ክፍያ ከግማሽ በላዩ ወደ ዋናው ዕዳ መሄድ የሚጀምረው በ20ኛው ዓመት ላይ ነው። አዎ፣ በ20ኛው።

ስለዚህ «ኪራይ ገንዘብ መጣል ነው» የሚለው የሠፈራችን አባባል ላይ ጥያቄ አለኝ። ወለድስ የት ይሄዳል?

እስቲ የማይመለሰውን ገንዘብ ብቻ ለይተን እንደምር። በላክሽው ወረቀት ላይ የንብረት ታክሱ በወር 410፣ ኢንሹራንሱ 120፣ ፒኤምአዩ (ለአበዳሪው መድን የምትከፍሉት) 140 ነው። ኤችኦኤው (የቤት ባለቤቶች ማኅበር መዋጮ) 95 ነው፤ እሱ ለብቻው ስለሚከፈል ከባንኩ ድምር ውስጥ የለም። ኤችኦኤውን ጨምራችሁ ከኪሳችሁ በወር የሚወጣው 3,293 ነው እንጂ 2,528 አይደለም። አሁን ዋናውን ዕዳ የሚቀንሰውን አውጪና ሌላውን ለአንድ ዓመት ደምሪው። ወለዱ 25,868። ታክሱ 4,920። ኢንሹራንሱ 1,440። ፒኤምአዩ 1,680። ኤችኦኤው 1,140። በዚህ ላይ ለጥገና የቤቱን ዋጋ አንድ በመቶ፣ ማለትም 4,450 ያዢ። ድምሩ 39 ሺህ 500 ገደማ ነው። በወር ሲካፈል 3,290 ይሆናል። ይሄ ሁሉ እንደ ኪራዩ ተመልሶ የማይመጣ ገንዘብ ነው። ከ2,350 ጋር ማነጻጸር ያለባችሁ ይሄንን ነው።

ልዩነቱ በወር 940 አካባቢ፣ በዓመት ከ11 ሺህ በላይ ነው። ይሄን የሚያካክሰው የቤቱ ዋጋ መጨመር ነው። በ445 ሺህ ቤት ላይ በዓመት 2.5 በመቶ ገደማ ከጨመረ ልዩነቱ ይጣጣል። ከዚያ በላይ ከጨመረ ታተርፋላችሁ። ኪራይ ደግሞ በየዓመቱ ይጨምራል፤ የናንተ 2,528 ግን ቋሚ ወለድ ስለሆነ ንቅንቅ አይልም። ጊዜ በሄደ ቁጥር ሚዛኑ ወደ ገዢው ያጋድላል። ለዚህ ነው «ስንት ዓመት ትኖሩበታላችሁ?» ብዬ የምጠይቀው። ስትሸጡ የደላላው፣ የትራንስፈር (የስም ማዛወሪያ) ታክሱና ሌላው ተደማምሮ ከዋጋው 7 በመቶ ሊወስድ ይችላል፤ በዚህ ቤት ከ30 ሺህ በላይ ማለት ነው። ሦስት ዓመት ኖራችሁ ወደ ቴክሳስ የምትሄዱ ከሆነ በኔ አስተያየት ተከራዩ። ልጆቹ እዚሁ ተምረው እስኪጨርሱ የምትቆዩ ከሆነ ነገሩ ሌላ ነው።

የማይነቃነቀው ግን ወለዱና ዋናው ዕዳ ብቻ ነው። ይሄን ብዙ ሰው ሳያውቅ ይፈርማል። «ፊክስድ ነው ብለውኝ ነበር፣ እንዴት ጨመረ?» የሚል ስልክ ስንቴ እንደመጣልኝ አትጠይቂኝ። የሚጨምረው ኤስክሮው ነው። ባንኩ ታክሱንና ኢንሹራንሱን ከናንተ በየወሩ ሰብስቦ ይከፍልላችኋል። እነሱ ሲጨምሩ ክፍያችሁም ይጨምራል። ሜሪላንድ ቤቱን በየሦስት ዓመቱ እንደገና ትገምታለች። ግምቱ ሲያድግ ታክሱ ይከተላል። የኛ ቤት እንደገና የተገመተ ጊዜ ኤስክሮው ጎደለ ተባለ። ያለፈውን ጉድለት ለመሙላትም፣ የመጪውን ዓመት ለመሸፈንም አንድ ላይ ጨመሩብን። ወርሃዊው ክፍያ ባንዴ ከመቶ ዶላር በላይ ዘለለ። ቤቱን እንደገዛችሁ የሆምስቴድ ታክስ ክሬዲት ማመልከቻ ሙሉ። ማመልከቻው ነጻ ነው፤ አንዴ ብቻ ነው የሚሞላው። በምትኖሩበት ቤት ላይ ታክስ የሚከፈልበት ግምት በየዓመቱ ከተወሰነ ጣሪያ በላይ እንዳይጨምር ያደርጋል። ዓመታት ኖረው ያልሞሉ አበሾች አውቃለሁ፤ ያናድዳል።

ጥገናውንም አትናቁት። ጣሪያ፣ ማሞቂያና ማቀዝቀዣ፣ የውሃ ማሞቂያ፣ ሁሉም ዕድሜ አላቸው። ሲበላሹም አስጠንቅቀው አይደለም። ኢንስፔክሽን ስታስደርጉ የእያንዳንዱን ዕድሜ ጠይቁ። ጣሪያው 22 ዓመት ከሆነው ያ የናንተ ወጪ ነው፤ ዋጋ ላይ ተደራደሩበት። ታውንሃውስ ስለሆነ የኤችኦኤውን የመጠባበቂያ ሒሳብም ጠይቁ። ካዝናው ባዶ ከሆነ አንድ ቀን «መንገዱን ልናድስ ነው፣ በነፍስ ወከፍ ይህን ያህል ሺህ አምጡ» ይላሉ።

ፒኤምአዩ ግን ዘላለማዊ አይደለም። 20 በመቶ ስላላስቀደማችሁ የሚከፈል ነው። በ1998 በወጣው የፌደራል ሕግ መሠረት ዕዳው ከመጀመሪያው ዋጋ 80 በመቶ ሲደርስ በጽሑፍ ጠይቃችሁ ማስነሳት ትችላላችሁ። ክፍያችሁ ካልተዛነፈ 78 በመቶ ሊደርስ በታቀደበት ቀን ራሱ ይነሳል። በናንተ ሒሳብ 80 በመቶው 356 ሺህ ነው። ምንም ካልጨመራችሁ ስምንተኛው ዓመት ሊያልቅ ሲል ትደርሱበታላችሁ። ቀኑን ካሌንደር ላይ ጻፉት፤ እነሱን አትጠብቁ።

ባለቤትሽ ያነሳው ኤፍኤችኤ (የፌደራል መንግሥት መድን ያለው ብድር) ለየት ይላል። 3.5 በመቶ ብቻ ማስቀደም ይቻላል፤ ክሬዲቱ (የብድር ታሪኩ) ገና ላልጠነከረ ሰው ጥሩ በር ነው። ግን መጀመሪያውኑ የብድሩ 1.75 በመቶ ለኢንሹራንስ ይጨመራል፤ በ400 ሺህ ላይ 7 ሺህ ዶላር ነው፤ ብዙ ጊዜ ብድሩ ላይ ይለጠፋል። ከዚያ በየዓመቱ 0.55 በመቶ ገደማ አለ። ካስቀደማችሁት ከ10 በመቶ በታች ከሆነ ያ ክፍያ እስከ ብድሩ መጨረሻ አይነሳም። እናንተ 10 በመቶ አላችሁ፤ ክሬዲታችሁም ደህና ነው ብለሻል። ስለዚህ መደበኛው ይሻላችኋል ባይ ነኝ።

አሁን ወደ ሪፋይናንስ። ሎን ኦፊሰሩ «ወለድ ሲወርድ ሪፋይናንስ ታደርጋላችሁ» ብሏችኋል አሉ። ሊሆን ይችላል። እንደሚወርድ ግን ማንም ቃል ሊገባላችሁ አይችልም። ቢወርድም አንድ ወጥመድ አለ። ሰባት ዓመት ከፈላችሁ እንበል፤ ዕዳው 361 ሺህ 700 ገደማ ላይ ነው። አንዱ ደውሎ «በ5.75 ላድርግልሽ፣ በወር 418 ዶላር ይቀንሳል» አለሽ። ደስ ይላል። አዲሱ ብድር ግን እንደገና 30 ዓመት ነው። አሮጌው ላይ የቀራችሁ 23 ዓመት ሲሆን 697 ሺህ 800 ትከፍሉ ነበር። በአዲሱ 759 ሺህ 800 ትከፍላላችሁ። ወለዱ ወርዶ፣ ወርሃዊው ቀንሶ፣ ጠቅላላው በ62 ሺህ ጨመረ። የክሎዚንጉ (የመፈራረሚያው) ወጪ ገና አልተቆጠረም።

መፍትሔው ቀላል ነው። ሪፋይናንስ አድርጊና የድሮውን 2,528 መክፈልሽን ቀጥዪ። ያኔ ከ20 ዓመት ጥቂት በለጥ ባለ ጊዜ ታልቃለች፤ ወደ 86 ሺህ ዶላርም ይተርፍሻል። ስልክ የሚደውለው ሰው ይሄን አይነግርሽም።

አሁን በምትወስዱት ብድር ላይም ያው ነው። ከመጀመሪያው ወር ጀምራችሁ 200 ዶላር ብትጨምሩ ብድሩ ከአምስት ዓመት ተኩል በላይ ቀድሞ ያልቃል፤ ከወለዱም 112 ሺህ ገደማ ይቀራል። ግን ተጨማሪው «ፕሪንሲፓል ላይ» (ዋናው ዕዳ ላይ) ተብሎ መግባቱን አረጋግጡ። የኛ ብድር ለሌላ ኩባንያ የተሸጠ ጊዜ አዲሶቹ ተጨማሪዋን የመጪው ወር ክፍያ አድርገው መዘገቧት። ስልክ ላይ ግማሽ ቀን ፈጅቶብን ተስተካከለ። ከዚያ ወዲህ መግለጫውን በየወሩ አያለሁ። «በየሁለት ሳምንቱ እናስከፍልላችሁ» የሚል ደብዳቤም ይመጣል፤ ለአገልግሎቱ ገንዘብ ከጠየቁ ተዉት። በራሳችሁ መጨመር ነጻ ነው። በነገራችን ላይ በ15 ወይም በ18 በመቶ የሚበላ የክሬዲት ካርድ ዕዳ ካለባችሁ 200ዋ መጀመሪያ እዚያ ትሂድ።

ፖይንት ግዙ ስላላችሁ ደግሞ፦ አንድ ፖይንት የብድሩ አንድ በመቶ ነው፤ ለናንተ 4 ሺህ ዶላር። ወለዱን ወደ 6.25 ካወረደላችሁ በወር 65 ዶላር ይተርፋችኋል። 4 ሺውን ለመመለስ አምስት ዓመት ከአንድ ወር ይፈጃል። ወለድ ይወርዳል ብላችሁ ሪፋይናንስ የምትጠብቁ ከሆነ ፖይንት መግዛቱ ምን ይሠራል? ሎን ኦፊሰሩ ሁለቱንም ባንድ ትንፋሽ መናገሩ ገርሞኛል።

ስለ እቁቡ። ባንኩ ብዙውን ጊዜ የሁለት ወር የባንክ ስቴትመንት ይጠይቃል። ድንገት የገባ ትልቅ ገንዘብ ካየ «ከየት መጣ?» ይላል። በጥሬው ተቀብላችሁ ባንክ ካስገባችሁት ማስረዳቱ ራስ ምታት ነው። ዕጣው በቼክ ወይም በዝውውር ይግባ። ስትከፍሉ የኖራችሁበትንም መረጃ ያዙ። ከተቻለ ማመልከቻው ከመጀመሩ ከሁለት ወር በፊት አካውንታችሁ ውስጥ ይቀመጥ። ደግሞ ዕጣው ወጥቶም ቀሪው የእቁብ ክፍያ እናንተ ላይ ነው። ባንኩ ባይቆጥረውም እናንተ ከ3,293ቱ ላይ ደምሩት። 45 ሺውንም ሙልጭ አድርጋችሁ አታስገቡ። የክሎዚንግ ወጪ ከዚያ ውጭ ነው፤ እሱን ከየት ልታመጡ እንደሆነ አልጻፍሽም። የመጀመሪያ ቤታችሁ ከሆነ የሜሪላንድ ትራንስፈር ታክስ ከ0.5 ወደ 0.25 በመቶ ይወርዳል፤ እሱንም የሚከፍለው ሻጩ ነው። ወረቀቱ ላይ እናንተ ላይ ተጽፎ ካያችሁ ጠይቁ።

አሁን የምታደርጉት አንድ ነገር ነው። ከሦስት አበዳሪዎች ሎን ኢስቲሜት (የብድሩን ወጪ የሚዘረዝር ወረቀት) አውጡ፤ በተቻለ መጠን በአንድ ቀን። ማመልከቻ ካስገባችሁ በሦስት የሥራ ቀን ውስጥ መስጠት ግዴታቸው ነው። በ45 ቀን ውስጥ የሚደረጉ የሞርጌጅ ክሬዲት ምርመራዎች እንደ አንድ ስለሚቆጠሩ ስኮራችን ይወርዳል ብላችሁ አትፍሩ። የአገር ልጅ ነው ብላችሁም አትፈሩ፤ ማወዳደር ስድብ አይደለም። ሦስተኛው ገጽ ላይ «በ5 ዓመት ውስጥ» የሚል መስመር አለ። በአምስት ዓመት በጠቅላላው ስንት እንደምትከፍሉና ከዋናው ዕዳ ስንት እንደሚቀነስ ጎን ለጎን ያሳያል። ሦስቱን ወረቀቶች በዚያ መስመር አወዳድሩ። ስታገኟቸው ስማችሁንና አድራሻችሁን ሸፍናችሁ እዚህ ለጥፉልን፤ አብረን እናያቸዋለን።