የጓዳው ቁልፍ ማን ጋ ነው?

ጥያቄ፦ እትዬ፣ ጤና ይስጥልኝ። የ27 ዓመት ወጣት ነኝ። ባሕር ዳር ሽምብጥ አካባቢ እኖራለሁ፤ ሥራዬ ባንክ ነው። ሠርጌ ጥምቀት ባለፈ በመጀመሪያው እሑድ ነው፤ ሰባት ሳምንት ቀርቶኛል። 300 ሰው ብለን የጀመርነው ዝርዝር 460 ገብቷል። እናቴ ጠላው ቤት ይጠመቅ ትላለች፤ እጮኛዬ ቢራ ይበቃል ይላል፤ ሁለቱም የሚደውሉት ለእኔ ነው። ሌሊት 8 ሰዓት ነቅቼ ስልኬ ላይ የጻፍኩትን ሳነብ ይነጋል። ባለፈው ሳምንት ከእጮኛዬ ጋር በመጥሪያ ካርድ ቀለም ተጣልተን ሁለት ቀን ተኳረፍን። ሳልታመም ሠርጌ ቀን እንዴት ልድረስ?

መልስ፦ እንኳን ደስ አለሽ ልጄ። የካርዱን ነገር እንጨርሰውና፣ ሰው ቀኑንና ቦታውን አይቶ ቡፌ ላይ ነው የሚያስቀምጠው። ቀለሙን እሱ ይምረጥ፣ አንቺ ተኚ።

የእድራችንን እቃ ቤት 19 ዓመት ይዣለሁ፤ ስንቱን ድግስ አይቻለሁ። እንዲያም ሆኖ በ2004 ዓ.ም. የበኩር ልጄን ስድር የጓዳውን ቁልፍ መቀነቴ ላይ ቋጥሬ ቤተ ክርስቲያን ሄድኩ። ከዚያም ሙሽሮቹ ሐይቁ ዳር ፎቶ ሲነሱ ጎናቸው ቆሜ እልል እላለሁ። ዳሱ ውስጥ እንግዳ ተቀምጧል፤ ወጡም ጠጁም ጓዳ ተቆልፎበታል። አሳላፊዎቹ ይደውላሉ፤ ስልኬ ቦርሳዬ ውስጥ፣ ቦርሳዬ መኪና ውስጥ። በመጨረሻ አንድ የጎረቤት ልጅ በባጃጅ መጥቶ፣ ላቡ እየተንጠባጠበ፣ ያን ቋጠሮ ፈትቶ ወሰደው። አማቾቼ እስከ ዛሬ ያወሩታል።

ያንቺ መቀነት ላይ ደግሞ የሁሉም ሰው ቁልፍ ነው የተቋጠረው። ጓዳውን ለአክስትሽ ስጪ፤ «ቅቤው ይበቃል ወይ?» የሚል ሁሉ እሷን ይጠይቅ። ብሩን አንድ ወንድም ወይም አጎት ይያዝ፤ በስልክ ሳይሆን በደብተር ይጻፍ፣ የተከፈለውን ቀብድ ደረሰኝ እዚያው ይስፋው። የሠርጉ ሳምንት ስልክሽ ራሱ ሚዜሽ ጋ ይሁን። አክስትሽ ከወሰነች በኋላ ግን ገብተሽ አታስተካክይ፤ ቁልፉን ሰጥቶ በሩ ላይ መቆም የባሰ ነው።

ስለ ጠላው እናትሽ ልክ ናት፤ በጣዕሙ ብቻ አይደለም። ቢራ ደውለሽ ቅዳሜ ይመጣል። ጠላ ግን ጌሾው ተወቅጦ ይጠነሰሳል፤ ቀኑን ቆጥሮ ብቅሉና ቂጣው ይገባበታል፤ የዳጉሳው እንኩሮ ምጣድ ላይ ታምሶ ይደፈደፋል፤ ጋኑ በወይራ ይታጠናል፤ ውሃ የሚሞላው መጨረሻ ላይ ነው። ማንም ሊያስቸኩለው አይችልም። እኔ ድግስ ስይዝ ከእሑዱ ወደ ኋላ እየቆጠርኩ መጀመሪያ የጥንስሱን ቀን ነው የምጽፈው። አንቺም ዝርዝርሽን እንዲሁ ለሁለት ክፈይው፤ ቀን የሚፈልገውን ባንድ ገጽ፣ ብር ብቻ የሚፈልገውን በሌላ። ንስሐ አባትሽን ማነጋገር፣ ልብስ ማሰፋት፣ በርበሬ ማስፈጨት፣ የእድሩን ድንኳንና ድስት ማስመዝገብ ቀን ይፈልጋሉ። አበባው፣ ፊኛው፣ የመኪናው ጌጥ ብር ነው። ሌሊት የሚቀሰቅስሽ ግማሹ ይሄ የፊኛ ገጽ ይመስለኛል።

ከአዲስ አበባ ለሚመጡት ዘመዶች አልጋ ዛሬውኑ ያዢ። ጎንደር ከእኛ 180 ኪሎ ሜትር ገደማ ናት፤ ለጥምቀት የሚወጣውና የሚመለሰው እንግዳ በእኛ ከተማ ነው የሚያልፈው፣ የሚያድርም አለ።

ቀን መቁጠሪያም ተመልከቺ። ነነዌ ሁልጊዜ ሰኞ ገብታ ሦስት ቀን ትጾማለች፤ ቶሎ በገባችበት ዓመት ጥር 17 ትይዛለች። እሑድሽ ጥር 16 ከዋለ መልሱ ጾም ላይ ሊወድቅ ነውና ከወዲሁ ካህን ጠይቂ።

ፎቶውን ሐይቁ ዳር ጠዋት ተነሱ። ከሰዓት ጣና ነፋስ ያነሣል፤ አይነርግቧን ስታሳድድ የዋለች ሙሽራ አይቻለሁ። ጋብቻውን ደግሞ በ30 ቀን ውስጥ ማስመዝገብ አለባችሁ፤ ይህንን ለሙሽራው ስጪው።

ስለ እንቅልፍሽ፣ ከምሽቱ 3 ሰዓት በኋላ ደብተሩ ይዘጋ። ይህን ሁሉ አድርገሽ እንቅልፍ እምቢ ካለሽ፣ ልብሽም የሚመታ ከሆነ ሐኪም ዘንድ ሂጂ፤ «የሠርግ ነገር ነው» ብለሽ አትለፊው።

460ውን ሰው አትቀንሺው፤ ከቀነስሽ ደግሞ ሌላ ኩርፊያ ነው። እጮኛሽ ቢራውን ራሱ ይዘዝ። ስንት ሳጥን እንዳዘዘ ግን አትጠይቂው።